ልጄ አማርኛ ትናገራለች፣ ማንበብ ግን አትችልም ነበር

ከደብተር የተገነጠለ ግማሽ ሉክ ወረቀት ቁምሳጥን ውስጥ አስቀምጫለሁ። ነሐሴ 2014 ዓ.ም. ትልቋን ልጄን ባሕር ዳር ላስመዘግብ ይዣት ስሄድ የጻፈችው ቃል ጽሕፈት ነው። ዐሥር ቃል ተነበበላት። «ትምህርት»ን «ቲምርት» ብላ ጻፈች። «ቤተሰብ» ላይ «ቤ» እና «ቢ» ተምታቱባትና ሁለቴ ሰረዘች። «መጽሐፍ» ላይ ስትደርስ ተስፋ ቆረጠችና በላቲን ፊደል ጻፈችው። ጥርት ባለ፣ ከማተሚያ ቤት የወጣ በሚመስል ጽሕፈት።

መዝጋቢው ወረቀቱን ወደ መስኮቱ አዙረው አዩት።

«ይሄ ምንድነው? እንግሊዝኛ ነው?»

«መጽሐፍ ነው» አለች ልጄ።

ወደ እኔ ዞሩ። «3ኛ ክፍል ትግባ» አሉኝ።

አዳማ 4ኛን ጨርሳ፣ ከክፍሏ 2ኛ ወጥታ የመጣች ልጅ ናት።

ይህን የምጽፈው እንደኔ ልጅ ይዞ ከክልል ክልል ለሚዛወር ወላጅ ነው። ብዙ ነን። የመንግሥት ሠራተኛው በዝውውር ይሄዳል፣ ነጋዴው እንጀራ ፍለጋ ይሄዳል፣ ተፈናቅሎ የመጣም አለ። ልጅ ተከትሎ ይሄዳል። ስለ ቤት ኪራዩ፣ ስለ ዕቃው ጭነት ስንጨነቅ፣ ልጁ እስከዛሬ በየትኛው ፊደል ሲያነብ እንደነበር ትዝ የሚለን የለም። እኔም ትዝ አላለኝም።

እኔ የባሕር ዳር፣ የሽምብጥ ሰፈር ልጅ ነኝ። ነርስ ሆኜ አዳማ ተቀጠርኩ፣ እዚያው አገባሁ። ባለቤቴ የአርሲ ኦሮሞ ነው። አዳማ ላይ በአማርኛም በአፋን ኦሮሞም የሚያስተምሩ ትምህርት ቤቶች አሉ። ልጃችን ለትምህርት ስትደርስ «አማርኛውን ካንቺ ታገኘዋለች፣ ኦሮምኛውን ግን ትምህርት ቤት ካልተማረችው አንባቢ አትሆንም» አለኝ። እውነቱን ነበር። ከእኔ ጋር በአማርኛ፣ ከአባቷና ከአያቷ ጋር በኦሮምኛ እየተንጫጫች አደገች። የእናቴ ሕመም ሲጠና ዝውውር ጠየቅኩና ልጆቹን ይዤ መጣሁ። ባለቤቴ ሥራውን እስኪያስተካክል አንድ ዓመት እዚያው ቀረ። አማርኛ ያስቸግራታል ብዬ በሕልሜም አላሰብኩም። አፏን የፈታችበት ነዋ!

ነገሩን ለማያውቅ በአጭሩ ላስረዳ። ከ1986ቱ የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ ወዲህ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንዲሰጥ ሆኗል። የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም አንቀጽ 5 ላይ የኢትዮጵያ ቋንቋዎች ሁሉ በእኩልነት የመንግሥት እውቅና አላቸው ይላል። ኦሮሚያ ከ1984 ጀምሮ የሚጽፈው በቁቤ ነው፤ የላቲን ፊደል ማለት ነው። እዚሁ አማራ ክልል ውስጥም ቢሆን በአዊ ዞን በአዊኛ፣ በዋግ ኽምራ በኽምጣና፣ ከሚሴ አካባቢ በአፋን ኦሮሞ የሚማሩ ልጆች አሉ። ከ1ኛ እስከ 8ኛ ክፍል መጽሐፉን የሚያዘጋጀው ክልሉ ነው። 9ኛ ክፍል ላይ ሁሉም እንግሊዝኛ ውስጥ ይገቡና ይገናኛሉ። እስከዚያ ግን ከአዳማ ባሕር ዳር የመጣ ልጅ የቀየረው ከተማ ብቻ አይደለም። ፊደሉን፣ መጽሐፉን፣ የመደመርና የመቀነስን ስም ሳይቀር ቀይሯል።

መጀመሪያ የወረቀቱን ጣጣ ልጨርስ። መሸኛዋና ካርዷ የተጻፉት በአፋን ኦሮሞ ነበር። ሪከርድ ክፍል «ተተርጉሞ፣ ማኅተም ተመቶበት ይምጣ» አሉኝ። ባለቤቴ አዳማ ላይ ሲመላለስ ቆይቶ በአውቶቡስ በሚመጣ ሰው ላከልኝ። ዐሥራ አንድ ቀን ፈጀ። ከመልቀቃችሁ በፊት የቀድሞው ትምህርት ቤት በአማርኛ ወይም በእንግሊዝኛም እንዲጽፍላችሁ ለምኑ። ስሙን ደግሞ ፊደል በፊደል እዩት። በቁቤ «ሲ» የምትነበበው «ጨ» ተብላ ነው፤ የልጄ አያት ስም በእሷ ይጀምራል። ሲተረጎም «ጫ» የነበረው «ካ» ሆኖ መጣ። ተርጓሚው እንደ እንግሊዝኛ ነው ያነበበው። ይህ ዛሬ ያስቃል፤ 8ኛ ክፍል ለሚኒስትሪ ፎርም ሲሞላ ግን የልደት ካርዱና የትምህርት ማስረጃው አልገጥም ካሉ አያስቅም።

ወደ መዝጋቢው ልመለስ። «3ኛ ትግባ» ሲሉኝ እሺ ልል ነበር። ከሥራ አዳሬ ነበር የሄድኩት፣ ደክሞኛል። ልጄ እጄን ጭብጥ አደረገችው። ምን እንደነካኝ እንጃ፣ «እስቲ ሒሳብ ይፈትኗት» አልኩ።

አራት ጥያቄ ጻፉላት። ቁጥር ብቻ። አራቱንም ሠራች። ከዚያ የቃላት ጥያቄ ሰጧት፤ አንድ ገበሬ 240 ብርቱካን በ8 ቅርጫት እኩል ቢያከፋፍል የሚል። «ገበሬ» ላይ ተገትራ ቀረች። በጣቷ ፊደሎቹን አንድ በአንድ እየነካች፣ ከንፈሯ እየተንቀሳቀሰ።

«ያንብቡላት» አልኩ።

አነበቡላት። ጥያቄው ሳያልቅ «30» አለች።

መዝጋቢው ሳቁ። ክፉ ሰው አልነበሩም፤ እንዲህ ዓይነት ልጅ ሲመጣ ምን እንደሚደረግ የነገራቸው ስለሌለ ነው። ምክትል ርዕሰ መምህሯ ቢሮ ወሰዱን። የተስማማነው እንዲህ ነው። 5ኛ ትገባለች፣ እስከ መንፈቅ ዓመቱ ትታያለች፣ ካልሆነላት 4ኛ ትወርዳለች። እናንተም እንዲህ ዓይነት የሙከራ ጊዜ ጠይቁ። ቃል ጽሕፈት አይታችሁ ልጃችሁን ሁለት ክፍል ዝቅ አታስደርጉ። ማካፈል የሚችል ልጅ ማካፈል የሚማሩ ሕፃናት መሐል ሲቀመጥ የሚማረው ነገር ቢኖር ደደብ መሆኑን ነው።

ከዚያ ቤት ስንደርስ የመጀመሪያውን ስሕተት ሠራሁ። ትምህርት እስኪጀመር ሁለት ሳምንት አለ። ሰፈራችን ያለው ቤተ ክርስቲያን ግቢ ፊደል የሚያስቆጥሩ የኔታ አሉ። እኔም ወንድሞቼም እሳቸው ጋር ነው የቆጠርነው። ወሰድኳት። የዐሥር ዓመት ተኩል ልጅ፣ እግሯ ረዝሞ፣ ከአምስት ዓመት ሕፃናት ጋር ድንጋይ ላይ ቁጭ አለች። በሳምንቷ ከሀ እስከ ፐ እንደ ውኃ ጠጣችው። እናቴ እልል አለች።

ማታ ገበታው ላይ «ሞ»ን ነጥዬ አሳየኋት። ዝም። ከዚያ በጣቷ «መ፣ ሙ፣ ሚ…» ብላ ቆጥራ ደረሰችባት። ያጠናችው ዜማውን ነው፤ ፊደሉን አይደለም። የኔታ ይህን ያውቃሉ፤ ከሀሁ ቀጥሎ ቅደም ተከተሉን የሚያመሰቃቅለውን አቡጊዳ የሚያስቆጥሩት ለዚያ ነው። እኛ ግን እዚያ አልደረስንም። በማግስቱ «አልሄድም» አለች፤ ሕፃናቱ «እትዬ» እያሉ ጠርተዋት። ጥፋቱ የየኔታ አይደለም። ማንበብ የሚችልን ልጅ ማንበብ እንደማይችል ልጅ ያስጀመርኩት እኔ ነኝ።

ልብ በሉ። ልጄ ማንበብ ትችላለች። በአፋን ኦሮሞ ተረት ታነብልኝ ነበር። የሚያስፈልጋት ከምታውቀው ወደማታውቀው መሸጋገሪያ ነው። ይህን የነገረኝ አብሮኝ የሚሠራ የላቦራቶሪ ባለሙያ ነው፤ እሱም በልጅነቱ ተመሳሳይ ነገር ደርሶበት። ሰባት አምድ ያለው ሰንጠረዥ ሠራን። አናቱ ላይ የቁቤ አናባቢዎችን ጻፈች። «ቡ» ማለት ቢ እና ዩ ናቸው። «ቢ» ማለት ቢ እና አይ ናቸው። ሳልጨርስ አቋረጠችኝ። «አንድ ኤ ከሆነ በ፣ ሁለት ኤ ከሆነ ባ! አይደል እማ?» በቁቤ አናባቢው አጭር ሲሆን አንዴ፣ ረዥም ሲሆን ሁለቴ ይጻፋል። ግዕዝና ራብዑን በራሷ ቁልፍ ከፈተችው። ከዚያች ማታ በኋላ ፊደል «መቁጠር» ቀረ።

ያስቸገራት ሳድሱ ነው። «ብ» አንዳንዴ ድምፅ አላት፣ አንዳንዴ የላትም። «ብርድ»ን «ቢሪዲ» ብላ ታነባለች። ለዚህ ሕግ የለኝም፣ ብዙ ማንበብ ብቻ ነው። አፏ ቃሉን ስለሚያውቀው ግን «ቢሪዲ… ብርድ!» ትልና ራሷ ታርማለች። አማርኛ የሚናገር ልጅ ያለው ወላጅ እዚህ ላይ ዕድለኛ ነው።

የምናነበው የትም ነበር። ማታ ከራት በኋላ ሃያ ደቂቃ፣ ከዚያ አይበልጥም። ቀን ደግሞ መንገድ ላይ። የሱቅ ታፔላ፣ የባጃጅ ጀርባ ላይ የተለጠፈ ጥቅስ፣ የክሊኒክ ማስታወቂያ። ባጃጅ ቆሞ ሲጠብቀን «ቆይ አንዴ፣ አላለቀልኝም» ትለዋለች ሾፌሩን። አንድ ቅዳሜ በዘንባባው መንገድ ስንሄድ የከተማችን ስም በሦስት ዓይነት ተጽፎ አየች። «ባሕር ዳር»፣ «ባህር ዳር»፣ ከዚያም ተገጥሞ «ባህርዳር»። ከሁለት ቀን በፊት በዚሁ ቃል ነጥብ ተቀንሶባታል። «የቱ ነው ልክ?» አለችኝ። ሐመሩን ሐ ነገርኳት። «ታዲያ እነሱ ለምን አልተቀነሰባቸውም?»

ሌላው ነገር ጣና ዳር ነው የገጠመን። አንድ ሆቴል በር ላይ «ዋና መግቢያ» የሚል ተለጥፏል። ቆም ብላ አነበበችና ዓይኗ በራ። «እማ፣ እዚህ ገብቶ መዋኘት ይቻላል?» አለችኝ። ሳቄ መጣ። «ዋና» ማለት እኮ መዋኘትም ነው፣ ትልቁም ነው፤ ልዩነቱ «ና»ን ማጥበቅና ማላላት ብቻ። በቁቤ የጠበቀ ድምፅ ሁለቴ ይጻፋል፣ አንባቢው አይሳሳትም። በእኛ ፊደል ምንም ምልክት የለውም። «አለ»፣ «ገና»፣ «ዋና»፤ ከዐረፍተ ነገሩ ነው የምታውቂው አልኳት። «ዐረፍተ ነገሩን ለማንበብ እኮ መጀመሪያ ቃሉን ማንበብ አለብኝ» አለችኝ። ይህን ዕድሜዬን ሙሉ ሳነብ አንድም ቀን አስቤው አላውቅም።

ትምህርቱ ራሱስ? የፈራሁት አካባቢ ሳይንስንና ሒሳብን ነበር። ቃላቱ ናቸው። እኛ ቤት «ላዕል» እና «ታሕት» የሚል ሰው የለም። መምህሯ ግን አረጋጉኝ። «እነዚህ ቃላት እዚህ ተወልዶ ላደገውም አዲስ ናቸው። እዚህ ላይ ሁሉም እኩል ነው» አሉኝ። ስለዚህ የሦስት ዓምድ ደብተር አዘጋጀን፤ ኦሮምኛ፣ አማርኛ፣ እንግሊዝኛ። «ሂሩ» ማካፈል ነው፣ «ኢዳኡ» መደመር ነው። «ሮግ ሰዴ» ላይ ስንደርስ ጮኸች። ሰዲ ሦስት ነው። በአማርኛም «ጎነ ሦስት» ነው። የቃሉ አሠራር አንድ ነው። ያን ቀን ለአባቷ ደውላ ያስረዳችው እንዴት ደስ ይል ነበር።

ከመምህሯ ሌላ ሁለት ነገር ለመንኩ። አንደኛ የፊት ወንበር። ሁለተኛ፣ ሳይንስ ላይ የፊደል ስሕተት ነጥብ እንዳይቀንስባት፣ አማርኛ ላይ ብቻ እንዲቀነስ። ሁለቱንም እሺ አሉ። አንድ ሌላ መምህር ግን አሻፈረኝ አሉ። «ለአንዷ ብዬ ደንብ አልቀይርም» አሉ። ብዙም አልገፋሁባቸውም፤ 60 የሚጠጋ ተማሪ ይዘው ለእኔ ልጅ ብቻ ልዩ ይሁኑ ማለት ከበደኝ። መጽሐፍም ያኔ ጭንቅ ነበር። አዲሱ ሥርዓተ ትምህርት የገባው በዚያው በ2015 ነው፤ የታተመው አልደረሰም። በቴሌግራም ፒዲኤፍ አውርደን ምዕራፍ በምዕራፍ ፎቶ ኮፒ እናስነሳለን። ለኛ ግን ጠቀመን ማለት እችላለሁ፤ ልጄ ኮፒው ላይ በእርሳስ ከየቃሉ በላይ በቁቤ እየጻፈች አነበበችው።

ከሁሉ በላይ የረዳት ግን እኔም መምህሯም አይደለንም። የወንበር ጓደኛዋ ናት።

ልጅቷ ከእንጅባራ በኩል የመጣች ናት። እስከ 4ኛ በአዊኛ ነው የተማረችው። አዊኛ የሚጻፈው በእኛው ፊደል ነው፤ እንዲያውም በአማርኛ የሌለች፣ በአፍንጫ ለሚወጣው ድምፅ የምታገለግል «ጘ» የምትባል ፊደል አላቸው። ስለዚህ ይህች ልጅ ፊደሉን ትፈጨዋለች። የአማርኛ መጽሐፉን ስታነብ እንደ ዜና አንባቢ ነው። ትርጉሙ ላይ ግን ትቸገራለች፤ ቤታቸው አማርኛ እምብዛም አይነገርም። የኔዋ ደግሞ ትሰማለች፣ አታነብም።

አንድ ከሰዓት ልጄን ልወስድ ሄጄ በመስኮት አየኋቸው። አንድ ፎቶ ኮፒ መሐላቸው አስቀምጠዋል። ያቺ በጣቷ እየተከተለች ታነባለች። ትቆምና «ምን ማለት ነው?» ትላለች። የኔዋ ታብራራለች። ከዚያ ያቺ ትቀጥላለች። አንድ ሙሉ ተማሪ ከሁለት ግማሽ ተሠርቶ ቁጭ ብሏል። አልገባሁም፣ ውጭ ቆሜ ጠበቅኩ። ማነው አብሮ ያስቀመጣቸው ብዬ ጠየቅኩ። ማንም። ሁለቱም ዘግይተው ስለተመዘገቡ የቀረው ወንበር እሱ ብቻ ነበር። እናንተ ግን አጋጣሚ አትጠብቁ፤ መምህሩን «ከሌላ ቋንቋ የመጣ ሌላ ልጅ አለ ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ።

ፌዝም ነበር፣ አልዋሽም። «ቁቤ» የሚል ስም አወጡላት። የአዳማ አማርኛዋንም ይቀልዱበታል። ኅዳር 29፣ የብሔር ብሔረሰቦች ቀን ሲደርስ ሚኒ ሚዲያ ክለቡ ባህላዊ ልብስ አስለብሶ አስጨፈራት። በጣም ተጨበጨበላት። በማግስቱ ተመልሳ «ቁቤ» ሆነች። ስለ እኛ ብዝኃነት አከባበር ያለኝን ቅሬታ እዚህ ላይ ባቆመው ይሻላል። ስሙ የጠፋው በእንግሊዝኛ ክፍለ ጊዜ ነው። ከ1ኛ ክፍል ጀምሮ የላቲን ፊደል ስትጽፍ ስለኖረች ጽሕፈቷ ከሁሉም ይበልጣል፣ ፍጥነቷም እንደዚያው። ልጆቹ ደብተሯን መዋስ ጀመሩ። ደብተሩን የሚዋሱትን ልጅ ማን በቅጽል ስም ይጠራል?

የመንፈቅ ዓመቱ ካርድ ወጣ። ከ58 ተማሪ 44ኛ። ሒሳብ 87፣ አማርኛ 41። ዘመድ አዝማዱ የሚጠይቀው አንድ ጥያቄ ብቻ ነው፤ «ስንተኛ ወጣሽ?» በዚያው ሰሞን፣ ጥር 2015፣ የ12ኛ ክፍል ውጤት ይፋ ሆነና 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ናቸው ተባለ። ወንድሜ ቤት መጥቶ «ቋንቋ ስታቀያይሩባት እሷም እንደነሱ ልትወድቅ ነው» ብሎ ተቆጣኝ። ያ ፈተና የሚሰጠው በእንግሊዝኛ ነው፣ እኔ በቁቤ ስላስጀመርኳት አይደለም ብለው ሰሚ አላገኘሁም። አልቅሻለሁ። ምክትል ርዕሰ መምህሯ ግን ካርዱን አይተው «አማርኛዋ መስከረም ላይ ስንት ነበር?» አሉኝ። ዜሮ ነበር ማለት ይቻላል። «ታዲያ ምን ትፈልጊያለሽ ልጄ?» አሉ። 4ኛ አልወረደችም። ዓመቱን 26ኛ ሆና ጨረሰች፣ 6ኛ ክፍል መንፈቅ ዓመት ላይ 9ኛ ወጣች። ከዚያ በኋላ ትምህርት የተቋረጠባቸው ሳምንታት መጡ፤ እነሱን ቤት ቁጭ ብለን እያነበብን አሳለፍናቸው።

ይሄኔ የተሳካልኝ መሰለኝ።

የ2016 ፋሲካ ዕለት አያቷ ከአዳማ ደወሉ። አኮ ነው የምትላቸው። ድምፁን ከፍ አድርገነው ሁላችንም እንሰማለን። «አካም ጅርታ፣ ኢንተላ ኮ? ማል ኛቴ?» አሉ፤ እንዴት ነሽ ልጄ፣ ምን በላሽ ማለት ነው። ልጄ ጥያቄው ገብቷታል። አፏን ከፈተች፣ ዘጋች። ከዚያ «ዶሮ በላሁ አኮ» አለች፣ በአማርኛ። በዚያኛው በኩል ትንሽ ዝም ተባለ። አኮ በተሰባበረ አማርኛ «ጎሽ፣ ጎሽ» አሉ። ልጄ ስልኩን ለአባቷ ሰጥታ ጓሮ ወጣች።

ሁለት ዓመት ሙሉ አማርኛውን ለማድረስ ስሮጥ ኦሮምኛው ከሥሬ እያለቀ ነበር። ባለቤቴም ከመጣ በኋላ ቀን ከሰው ጋር በአማርኛ ሲውል ማታ ቤትም በዚያው ቀጥሏል። ልማድ ነው፣ ማንም ክፉ አላሰበም። ግን አራት ዓመት የተማረችውን አንባቢነት በሁለት ዓመት አስረሳናት። ይህን ክፍል አንብባችሁ ሌላውን ብትረሱት ግድ የለኝም። ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምራችሁ ለአሮጌው ቋንቋ ቀን መድቡለት።

እኛ ቅዳሜን መደብን። ፔዳ፣ ማለትም የዩኒቨርሲቲው ዋና ግቢ፣ በምደባ ከአራቱም ማዕዘን የመጣ ተማሪ ሞልቶታል። የጥበቃ ሠራተኛ ጎረቤታችን ከጅማ የመጣ የ3ኛ ዓመት ተማሪ አገናኘን። ቅዳሜ ሁለት ሰዓት ያስጠናታል፣ ትንሽ ገንዘብ እንሰጠዋለን፣ ምሳ እኛ ጋ ይበላል። የኦሮሚያን የ6ኛ እና የ7ኛ ክፍል መጻሕፍት በቴሌግራም አወረደላት። አየሩ ጥሩ ሲሆን ጊዮርጊስ አጠገብ፣ የዘጌ ጀልባ ከሚነሳበት አካባቢ፣ ሐይቁ ዳር ቁጭ ይላሉ። ቤት ውስጥ ደግሞ የአማራ ሚዲያን የኦሮምኛ ፕሮግራም እንከፍታለን፤ ከዚሁ ከባሕር ዳር ነው የሚተላለፈው።

አንድ ቀን ልጁ ኪሱ ውስጥ የታጠፈ ወረቀት አውጥቶ ለልጄ ሰጣት። የቀበሌ ፎርም ነው። አማርኛ ይናገራል፣ ፊደሉን ግን እያንዳንዷን እያሰላ ነው የሚያነበው። እሷ እያነበበችለት ሞሉት። «ሰባቱን አምድ ላሳይህ?» ስትለው ሰማሁ።

አሁን 8ኛ ክፍል ናት። አኮን በኦሮምኛ ታወራቸዋለች፣ አንዳንዴ እየተደናቀፈች። የራሷን የሦስት ዓምድ ደብተር ለወንድሟ አውርሳለች። እሱ እዚሁ ነው ትምህርት የጀመረው፣ አሁን 1ኛ ክፍል ነው። ማታ ማታ ቁቤ ታስተምረዋለች፤ «አ፣ ባ፣ ጫ፣ ዳ» እያሉ ቤቱን ይነቀንቁታል።

ትናንት «ወላጅ አምጣ» ተብሎ መጣ። ምን አጠፋህ ብለው አይናገርም። እህቱ ናት አጣርታ የነገረችኝ። በእንግሊዝኛ ክፍለ ጊዜ የድመት ሥዕል ሥር የተጻፈውን አንብብ ቢሉት፣ ደረቱን ነፍቶ «ጫት» ብሎ አነበበው።